በዝግታ የሚያልፉ ስሞች

የሰማህ ላልሰማ አሰማ! በእስራኤል አገር፣ በረሆቦትና በነስ ጺዮና ድንበር ላይ፣ በቂርያት ቫይዝማን፣ ሦስተኛ ፎቅ፣ ሰው ሠራሽ ጥርስ ከሚቀርጹት ሰዎች ጎን ባለችው መስኮት የለሽ ክፍል ውስጥ፣ በዕለተ እሑድ ከረፋዱ ላይ፣ ለበለጠ አበራ አዲስ ወንበር ገባለት።

ወንበሩ ጥቁር ነው። አምስት እግር አለው፤ አምስቱም ይንከባለላሉ። ክንዱ ከፍ ዝቅ ይላል። ከወገብ በላይ ደግሞ የሆነች ጉብታ አለችው፤ ምን እንደምትሠራ በለጠ እስከ ዛሬ አያውቅም፣ ግን ትደግፈዋለች። አሮጌው ወንበር ዘጠኝ ዓመት አገልግሎ፣ የክንዱ ስፖንጅ ወጥቶ በፕላስተር ከተጠቀለለ በኋላ እንኳን ሦስት ዓመት ቆይቷል። ሲያወርዱት ማንም አልሸኘውም።

ለአንድ ወንበር ይህ ሁሉ አዋጅ? የሚል ካለ፣ የበለጠን እናት ወይዘሮ ይርገዱን የማያውቅ ሰው ነው። እሑድ ለምሳ ልጇ በስልክ ነገራት። ሰኞ ደረጃው ሁሉ ሰማ። ረቡዕ ወሬው ቤኤር ያዕቆብ ሲደርስ ወንበሩ ቢሮ ሆኖ ነበር። ከቤኤር ያዕቆብ ዞሮ ነስ ጺዮና የገባው ደግሞ ቢሮውን ከነጸሐፊዋ ይዞ ነው።

«ወንበር ለሰው ዝም ብሎ አይሰጥም» አለች ይርገዱ ለጎረቤቶቿ። «በአገራችን ወንበር የተሰጠው ዳኛ ነው።»

«ምን ይዳኛል ታዲያ?» አለቻት አንዷ።

«ፊልም።»

እውነቱን ለመናገር ከዚህ የተሻለ ትርጉም ለሥራው ማንም ሰጥቶት አያውቅም። በዕብራይስጥ ዖሬኽ ይሉታል፤ ተማርኩ የሚለው ኤዲተር ይለዋል፤ አሮጊቶቹ ቆራጭ ይሉታል። የተቀረጸውን ሁሉ ተቀብሎ፣ የሚቀረውን አስቀርቶ የሚጣለውን የሚጥል ሰው ነው። ዳኛም ሌላ ሥራ የለውም።

ችግሩ ግን በለጠ ዳኛ ሆኖ አያውቅም። ሃያ አንድ ዓመት የዳኛ አሽከር ነው የነበረ።

በፈረንጆቹ ዘጠና አንድ፣ በዘጠኝ ዓመቱ፣ ከአዲስ አበባ በአውሮፕላን መጣ። ተማረ፤ ጸባውን፣ የውትድርና ግዴታውን፣ ጨረሰ፤ ቴል አቪቭ አንድ ዓመት የፊልም ቅንብር ተማረና ረዳት ኤዲተር ሆኖ ተቀጠረ። ረዳት ማለት እንዲህ ነው፦ የተቀረጸውን ሁሉ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ታያለህ። ድምፁን ከአፉ ጋር ታገጣጥማለህ። ለእያንዳንዷ ቁራጭ ስም ታወጣለህ፤ «ሴትዮዋ በር ስትከፍት»፣ «ሴትዮዋ በር ስትከፍት ሁለት»። ከድምፁ ውስጥ ሳል ታወጣለህ። ከዚያ ኤዲተሩ ቡናውን በወረቀት ኩባያ ይዞ ይመጣል፤ ይቆርጣል፤ ይሄዳል። አንተ የወደቀውን ታነሣለህ። በሃያ አንድ ዓመት ውስጥ የምግብ ውድድር፣ የዘፈን ውድድር፣ ቤት የማሳመር ውድድር፣ አንድ ጊዜም የውሻ ውድድር አንሥቷል።

ፊልም ሲያልቅ የሠራተኞቹ ስም ይፈስሳል። የረዳቱ ስም አንዳንዴ ምግብ ካቀረበው ሰውዬ ቀጥሎ ይመጣል፤ አንዳንዴ ይረሱታል። ሲመጣም ቴሌቪዥኑ ስሞቹን ወደ ጥግ ይጨምቅና የነገውን ፕሮግራም ማስታወቂያ ያስገባል። ጉንዳን የሚያነብ ካልሆነ በቀር የሚያነበው የለም።

የመጀመሪያው የምግብ ውድድር በታየ ቀን ይርገዱ ነጠላዋን ለብሳ ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀመጠች። ያኔ አባቱ አበራም በሕይወት ነበር። ስሞቹ ሲሮጡ «የታል? የታል ስምህ?» አለች። ስሙ አልነበረም፤ ከረሱበት ጊዜ አንዱ ነው። በለጠ እናቱን አየ፤ አባቱን አየ፤ ከዚያ ጣቱን መስታወቱ ላይ አኖረና፦

«ያቻት! አለፈች።»

ይርገዱ የጣቶቿን ጫፍ ሳመች፤ ስሙ ያለፈበትን መስታወትም ነካች። ከዚያን ቀን ወዲህ በእያንዳንዱ ፕሮግራም መጨረሻ ላይ «ያቻት» ይላል፤ እሷም ትስማለች። አበራ እስኪሞት ትስም ነበር፤ ከሐዘን ስትወጣም ሳመች። ኃጢአት ነው እንዳይባል፣ ማንንም አልጎዳም። ይርገዱ ከልጅነቷ ፊደል አልቆጠረችም። እዚህ ስትመጣ አሥር ወር ትምህርት ቤት አስቀምጠዋት «ፊደል ዓይኔ ውስጥ አይገባም» ብላ ወጥታለች። ከቢቱዋሕ ሌኡሚ፣ ከጡረታው መሥሪያ ቤት፣ የሚመጣውን ደብዳቤ ሁሉ እሱ ነው የሚያነብላት። «አንብብልኝ እስቲ፣ ዓይን ያለህ» ትላለች። ከቅርብ ጊዜ ወዲህ ፖስታው ተከፍቶ ይጠብቀዋል፤ ማን እንደከፈተው ጠይቆ አያውቅም። ማክሰኞ ማክሰኞም መትናስ፣ የሰፈሩ የሕዝብ ማዕከል፣ ለአረጋውያን የሚሰጠው ስፖርት አለ ብላ ትሄዳለች። ቦርሳዋ ውስጥ እርሳስ አለ። ለስፖርት እርሳስ ምን ያደርጋል ብሎም አልጠየቀም። ሌላ ሰው የጣለውን ሲያነሣ የሚውል ሰው፣ ቤቱ ሲገባ የሚያየው ጥቂት ነው።

ወደ ወንበሩ እንመለስ፤ ወንበሩ ያለ ምክንያት አልመጣም።

ወንበሩን የገዛው ጊል ነው። ጊል ዳይሬክተር ነው፤ ሃምሳ ዓመቱ፣ ጸጉሩን ወደ ኋላ የሚያስር፣ ሰውን ሁሉ «ነሻማ»፣ ነፍሴ፣ ካልሆነም «አሒ»፣ ወንድሜ፣ የሚል፣ ሲገናኝም ሲለያይም የሚያቅፍ። ስለ ኢትዮጵያውያን ሦስት ፊልም ሠርቷል። አማርኛ አያውቅም። «ማኅበረሰቡን ማኅበረሰቡ ራሱን ከሚወደው በላይ እወደዋለሁ» ይላል፤ ምናልባትም እውነቱን ነው፤ ውድድሩ ከባድ አይደለም። አራተኛውን ፊልም ሊጀምር ሲል በለጠን ጠራው።

«በዚህ ፊልም ረዳት አይደለህም አሒ። ዖሬኽ ነህ። ስምህ ብቻውን ይወጣል፤ በጥቁር ላይ በነጭ፣ ሦስት ሰከንድ።»

ሦስት ሰከንድ ለሌላው ሰው ማስነጠሻ ነው። በለጠ ግን በውስጡ ሰባ አምስት ሥዕል እንዳለ ያውቃል። በዚያች ቀን ከቂርያት ቫይዝማን እስከ ቤቱ በእግሩ ሄደ፤ በየመንገዱ መብራት ቆሞ ሦስት ሰከንድ እየቆጠረ። አርባ ሦስት ዓመቱ ነበር። አንድ ጊዜ እንኳ በእውነት ጣቱን ቀስሮ «ያቻት» ቢል፣ ያለፉት ውሸቶች ሁሉ ብድር ሆነው ይቆጠሩለት ነበር፤ እንዲያ ነው ያሰበው።

ፊልሙ የሚጀምረው በእትዬ ወርቄ ነው። እትዬ ወርቄ የይርገዱ የልብ ወዳጅ ናቸው፤ ቂርያት ሞሼ ከእሷ ሁለት ሕንጻ ወረድ ብለው ይኖራሉ። ሰባ አምስት ዓመታቸው፣ አንደበታቸው እንደ ማጭድ፣ ያውም የተሳለ። ጊል፣ ካሜራ ያዡና መብራት የሚይዘው ልጅ ሳሎናቸው ገብተው መብራት ተከሉ፤ በለጠ ለማስተርጎም ጥጉ ላይ ቆመ። ካሜራው በራ። እትዬ ወርቄ ነጠላቸውን አስተካከሉና ጀመሩ።

«እንደምን ዋላችሁ? ደኅና ናችሁ ወይ? እናትህ ደኅና ናቸው? አባትህስ? ሚስትህስ ደኅና ናት? ልጆችህ አደጉ? ከብቶችህ ደኅና ናቸው? ዓመቱ እንዴት ነው፣ ዝናቡ ገባላችሁ? ይኸ መብራት የሚይዘው ልጅ፣ እናቱ ደኅና ናት? ጎረቤቶቻችሁስ? የታመመባችሁ የለም? ተመስገን። እኛም ደኅና ነን። እግዚአብሔር ይመስገን። እንደምን ዋላችሁ…»

ድምፃቸው ዝቅ ያለ፣ ሐዘን ያለበት ድምፅ ነው፤ ሲስቁም እንዲሁ ነው። ካሜራ ያዡ ምስክርነቱ የተጀመረ መስሎት ወደ ዓይናቸው ቀረበ። ጊል እንባውን ጠረገ።

«ምን አለች?» አለው በለጠን በሹክሹክታ።

«የእናትህን ጤና ጠየቁህ።»

«አራት ደቂቃ ሙሉ?»

«ከብቶችህንም ጠይቀዋል።»

ከሰላምታው በኋላ ዋናው መጣ። በአውሮፕላኑ ቀን ግንባራቸው ላይ ቁጥር እንደተለጠፈ፤ ከደረሱ በኋላ ቁጥሩ ከተነሣ ይመልሱኛል ብለው ፈርተው ሁለት ሳምንት ሙሉ ግንባራቸውን እንዳልታጠቡ፤ ባላቸው አዲስ አበባ በተከራዩዋት ክፍል ውስጥ፣ አውሮፕላኑ ሊመጣ አሥራ ሁለት ቀን ሲቀረው እንደሞቱ። ሁለት ሰዓት ተኩል ተናገሩ። ሲያበቁ በለጠን እጅጌውን ያዙት።

«አንተ ልጅ፣ ቆራጩ አንተ ነህ አሉኝ።»

«አዎ እትዬ።»

«የፈለግኸውን ቁረጥ። ያለቀስኩትን ቁረጥ፤ የተናፈጥኩትንማ ቁረጥልኝ። ሰላምታዬን ግን እንዳትነካ። ሰው ቤት ሳይጠይቅ ገብቶ የሚናገር መርዶ ነጋሪ ብቻ ነው። እኔ መርዶ ነጋሪ ነኝ?»

«አይደሉም እትዬ። አልነካውም።»

«ማልልኝ።»

«በእርስዎ ሞት።»

«የእኔ ሞትማ ቅርብ ነው፣ ምን ዋጋ አለው? በአባትህ ዐፅም በል።»

«በአባቴ ዐፅም።»

ስምንት ወር ቆረጠ። ሰላምታውን አራት ደቂቃ አላስቀረውም፤ እሱም ባለሙያ ነው። አርባ ሰከንድ አደረገው። የነጠላቸውን መስተካከል ሳይነካ ተወ፤ በ«ልጆችህ» እና በ«ከብቶችህ» መካከል ያለችውን ትንፋሽ ተወ፤ መብራት የያዘው ልጅ እናቱ ስትጠየቅ ደንግጦ መብራቱን ሲያወዛውዝ በግድግዳው ላይ ያለፈውን ጥላ ተወ። በሕይወቱ ከቆረጠው ሁሉ ይኸ ይበልጣል። ብቻውን ደጋግሞ አየው። ጥርስ ከሚቀርጹት አንዱን ጠርቶ ሊያሳየው ሁሉ አስቦ ነበር።

አንድ ሐሙስ ጊል መጥቶ አየ። አገጩን አሸ።

«ይኼ ይውጣ።»

«ወግ ነው እኮ። ሳይጠይቁ መጀመር ነውር ነው።»

«ነሻማ፣ ተመልካች በመጀመሪያው ደቂቃ ነው የሚሸሸው። "ግንባሬ ላይ ቁጥር ለጠፉ" ብላ ትግባ። በቃ። በጥፊ እንደመምታት።»

«ቃል ገብቼላቸዋለሁ።»

ጊል እጁን ትከሻው ላይ አኖረ። ድምፁ ውስጥ ክፋት አልነበረም፤ ቢኖርበት ይሻል ነበር።

«ስማኝ አሒ። ረዳት የሚያስቀምጥ ሰው ነው። ዖሬኽ የሚጥል ሰው ነው። አንተ የትኛው ነህ?»

በለጠ ስለ ሰባ አምስቱ ሥዕል አሰበ። ስለ እናቱ ጣት አሰበ። ስለ አባቱ ዐፅም ላለማሰብ ትንሽ ጊዜ ወሰደበት። ከዚያ አንዲት ቁልፍ ተጫነ። ድምፅ እንኳ አልነበራትም።

በሦስተኛው ቀን፣ እሑድ፣ ወንበሩ መጣ።

ሁለት ሳምንት እንደ ዳኛ ተቀመጠበት። የስሞቹን ዝርዝር የሚያሰናዳው ራሱ ስለሆነ፣ «ዐሪኻ»፣ ቅንብር፣ ብሎ ጻፈና ከሥሩ ስሙን ከነአባቱ አስቀመጠ። ሦስት ሰከንድ። ደጋግሞ አጫወተው፤ ስሙ መጣች ሄደች፣ መጣች ሄደች። ምሳውን እያየ በላ።

ስልኩ ጮኸ።

«አሒ፣ ተቀምጠሃል?» አለ ጊል።

«ተቀምጫለሁ።»

«በአዲሱ ወንበር?»

«በአዲሱ ወንበር።»

«ደግ። ስማ፣ የቴሌቪዥኑ ሰዎች ቅንብሩ ላይ የታወቀ ስም እንፈልጋለን አሉ። ተጣላኋቸው፤ በሕይወቴ እንደዚያ ተጣልቼ አላውቅም። መጨረሻ ላይ የእኔን ስም እናድርግ ተባለ። አንተ ምስጋናው ላይ ትገባለህ። የሚቀጥለው ፊልም ግን ያንተ ነው። በልጆቼ።»

በለጠ የምሳውን ሳህን ወደ ጎን ገፋ።

«ወንበሩም ያንተ ነው፣ እሺ? ቤሰደር?» አለ ጊል።

«ቤሰደር።»

ስሙን በራሱ እጅ አነሣ፤ የጊልን ስም በቦታው አስገባ። ሃያ አንድ ዓመት የሰው ሳል ያወጣ ሰው፣ የራሱን ስም ለማውጣት አራት ሰከንድ ብቻ ፈጀበት። እጁ ለምዷል። ከዚያ ቁጭ ብሎ አሰበ። ፊልሙ መጀመሪያ የሚታየው በሰፈራቸው መትናስ ነው። ማን ያነባል? እናቱ አታነብም። እትዬ ወርቄ አያነቡም። የሚመጡት ሁሉ አሮጊትና ሽማግሌ ናቸው። የስሞቹን ዝርዝር በሙሉ በአሥራ ስምንት ሰከንድ እንዲያልፍ አድርጎ አጣደፈው፤ ንብ እንኳ አታርፍበትም። ጣቱን ይቀስራል፤ «ያቻት» ይላል፤ ትስማለች። ሃያ ጊዜ የሠራ ነገር ሃያ አንደኛ ይሠራል።

ዕለቱ ሊደርስ ሁለት ቀን ሲቀረው ጊል እንደገና ደወለ። ከከተማው አስተዳደር የሚመጡ አሉ፤ የረዱ ሰዎች አሉ፤ ስማቸው መታየት አለበት። «ፊደሉን ትልቅ አድርገው። አንድ በአንድ፣ በዝግታ። አዛውንቶች ናቸው እኮ፣ ነሻማ፣ ክብር ያስፈልጋቸዋል።»

አሥራ ስምንቱ ሰከንድ አራት ደቂቃ ሆነ።

ሐሙስ፣ ከቀኑ በአምስት ሰዓት በእስራኤል አቆጣጠር፣ የመትናሱ አዳራሽ ሞላ። ይርገዱ ነጭ ቀሚሷን ለብሳ ከሴቶቹ ጋር ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀምጣለች። በለጠ ሲገባ ገና ከበሩ ተቀበሉት።

«ባለ ወንበሩ መጣ!»

«እልል በሉለት እንጂ!»

«ጸሐፊህን የት ጣልካት?»

በሩ ላይ አንዲት መነጽር ያደረገች ወጣት እጁን ጨበጠችው። ኢንባል እባላለሁ፣ የማክሰኞዋ አስተማሪ ነኝ አለች። «እናትህ ከሁሉም ጎበዝ ናት፤ ታውቃለህ?»

«ጉልበቷን ያማታል እንጂ» አላት በለጠ።

ኢንባል ነገሩ እንዳልገባው ሰው ፈገግ አለች። እሱም መለሰላት። ሄዶ ከእናቱ አጠገብ ተቀመጠ።

«ወንበሩን ይዘኸው አትመጣም ነበር?» አለችው ይርገዱ ጆሮው ላይ።

«ሊፍት አይገባም እማዬ።»

ጊል ተነሥቶ ንግግር አደረገ። ማኅበረሰቡን ከማኅበረሰቡ በላይ እንደሚወድ ተናገረ። ተጨበጨበለት። መብራቱ ጠፋ።

ጥቁር። ከዚያ የእትዬ ወርቄ ፊት፣ ግድግዳ አክሎ።

«ግንባሬ ላይ ቁጥር ለጠፉ።»

አዳራሹ ጸጥ አለ። ጸጥታው ሦስት ሰከንድ ያህል ነበር፤ በለጠ ቆጥሮታል። ከዚያ ከኋላ አንዲት ሴት በፍርሃት ድምፅ፦

«ማን ሞተ?»

«ምን አልሽ?»

«ወርቄ ናት፤ መርዶ ይዛ መጣች። ማን ሞተ በሉኝ!»

«ኧረ የሞተ የለም! ፊልም ነው!»

«ታዲያ ሳትጠይቀን እንዴት ጀመረች?»

«ወርቄ፣ ምን ነካሽ? ሰው አይደለንም እንዴ?»

የመጀመሪያው ረድፍ ላይ እውነተኛዋ እትዬ ወርቄ ተነሡ። የራሳቸው ትልቅ ፊት በላያቸው ላይ እያወራ፣ ወደ ሕዝቡ ዞሩ።

«ጠይቄያለሁ! እኔን ባላገር አታድርጉኝ! አራት ጊዜ ነው የጠየቅኩ! ከብት ሳይቀር ጠይቄያለሁ!»

በጨለማው ውስጥ አንድ ሰው ፈለጉ። በለጠ ጫማውን አየ። አገኙት መሰለኝ፤ ምክንያቱም ከዚያ በኋላ ምንም አላሉም። ተቀመጡ፤ ነጠላቸውን እስከ አፋቸው ሳቡ፤ ፊልሙ እስኪያልቅ፣ ሃምሳ ሁለት ደቂቃ ሙሉ፣ የራሳቸውን ፊት ቀና ብለው አላዩም።

ጊል ከፊት ወደ በለጠ ዞር ብሎ አውራ ጣቱን አሳየው። «አየህ? ነካቸው» አለ ከንፈሩ።

ፊልሙ አለቀ። ሙዚቃው ቀጠነ። በለጠ ወደ እናቱ ጠጋ አለ፤ ጣቱን አሰናዳ። በዝግታ ቢሆንም ያው ነው፤ እንዲያውም ለመጠቆም ይመቻል። ከቅንብሩ ሥር ያለውን ይጠቁማል። ጥቁሩ ላይ ነጭ ትልልቅ ፊደል ወጣ፤ ቆመ።

ከመጀመሪያው ረድፍ የእትዬ ወርቄ ድምፅ መጣ። የደረቀ፣ የተቆጣ ድምፅ።

«ቤት፣ ዮድ፣ ሜም፣ ቫቭ፣ ዮድ።»

ከዚያ ሦስቱ ረድፍ በአንድ አፍ፦ «ቢሙይ!»

በለጠ መጀመሪያ ጸሎት መሰለው። ቀጥሎ እትዬ ወርቄ እሱን ሊያዋርዱ የጀመሩት ነገር መሰለው። ሁለቱም አልነበረም። ማክሰኞ ማክሰኞ በዚሁ አዳራሽ፣ በዚሁ ግድግዳ ላይ፣ ኢንባል የዕብራይስጥ ቃል ታወጣለች፤ በጥቁር ላይ በነጭ፣ በትልልቁ፣ አንድ በአንድ፣ በዝግታ። ሴቶቹ ፊደሉን ይቆጥራሉ፤ ከዚያ ቃሉን በኅብረት ይላሉ። መማር ከጀመሩ ሦስት ዓመታቸው ነው። ሐሙስ ለታ ግድግዳው ላይ የሚወጣ ቃል አይነበብም ብሎ የነገራቸው የለም።

ቢሙይ ብለው ዳይሬክተሩን አነበቡ። ካሜራ ያዡን አነበቡ። ድምፅ የቀዳውን አነበቡ። በለጠ ከግራ ጆሮው አጠገብ አንድ ድምፅ ሰማ፤ ጥርት ያለ፣ ከሁሉም በግማሽ ፊደል የሚቀድም። ዞሮ አየ። እናቱ መነጽር አድርጋለች። መነጽር እንዳላት አያውቅም ነበር።

ቀጣዩ ወጣ።

«ዓይን፣ ሬሽ፣ ዮድ፣ ኻፍ፣ ሄይ።» ይርገዱ ቀድማ ጨረሰች። «ዐሪኻ!» አለ አዳራሹ።

የበለጠ ጣት ከጉልበቱ ተነሥታ ግማሽ መንገድ ሄዳ ነበር።

«ጊሜል፣ ዮድ፣ ላሜድ። ጊል!»

አርባ ሴት በአንድ ድምፅ ስሙን ሲጠራው፣ ጊል ከመቀመጫው ግማሽ ተነሣ፤ ፈገግታው መንገድ ላይ ቀረ፤ መልሶ ተቀመጠ። ሦስተኛው ረድፍ ላይ አንዳንዶቹ አንገታቸውን ወደ በለጠ አዞሩ፤ ከዚያ በትሕትና ወደ ግድግዳው መለሱት።

በለጠ ጣቱን ወዴት እንደሚያደርጋት ጠፍቶት በአየር ላይ ይዟት ይቆጥር ጀመር። ሦስት ዓመት። የውሻው ውድድር በሦስት ዓመት ውስጥ ነው። ሁለቱ የዘፈን ውድድሮች በሦስት ዓመት ውስጥ ናቸው። አምና በምግቡ ውድድር መጨረሻ ላይ «ያቻት» ብሎ የጠቆማት የጭነት መኪና አከራይ ድርጅት ስም ነበረች። እናቱ ጣቷን ስማ ነካቻት። እሷ ታውቅ ነበር። የጭነት መኪናዎቹን አውቃ ነው የሳመቻቸው።

የከተማው ሰዎች ተነበቡ። የረዱት ተነበቡ። የመጨረሻው ገጽ ወጣ፤ «ቶዶት» ይላል፤ ምስጋና። ምሳ ካቀረበው ቤት ቀጥሎ፣ ከሥር፣ አንድ ስም አለ።

«ቤት፣ ላሜድ፣ ቴት፣ ሄይ» አለ አዳራሹ። «በለጠ!»

ድምፁ ከጊል አልበለጠም፣ አላነሰም። ይርገዱ ጣቷን አልሳመችም። መነጽሯን በነጠላዋ ጫፍ ጠረገችና መልሳ አደረገች።

ጊል ክብር ያስፈልጋቸዋል ስላለ፣ የመጨረሻው ገጽ ሃያ አምስት ሰከንድ እንዲቆም ተደርጎ ነበር። ቆመ። ማንም አልተንቀሳቀሰም። ከአዳራሹ ኋላ ኢንባል፣ በልማድ፣ ሳታስበው፣ እጇን አጨበጨበች።

«ዮፊ፣ ጎበዞች፣ ሴቶች! ኦድ ፓዓም፤ አንድ ጊዜ እንደገና!»

ይርገዱ ትንፋሽ ወሰደች። «ቤት» አለች ከሁሉም ቀድማ።